የኮመዲኖውን መብራት ማን አበራው?

ጋሽ ዮን አረፉ። በኮሚኒስቶቹ ዘመን ሩማንያ ውስጥ የፊልም ካሜራ ባለሙያ የነበሩት፣ እዚህ ዴንቨርና ኦሮራ ደግሞ ብዙዎቻችን በየሰርጉ አዳራሽ ግድግዳ ተደግፈው ሲቆሙ የምናውቃቸው ጋሽ ዮን፣ ለወራት ከታመሙ በኋላ ባለፈው ወር አንድ ሐሙስ ጠዋት ግሌንዴል በሚገኘው አፓርታማቸው ከዚህ ዓለም ተለይተዋል። ከሥራ አስፈቅዳችሁ ለቀብራቸው ለመጣችሁ፣ ድንኳን መትከል በማይቻልበት ሕንጻ ሳሎናቸውን ድንኳን ላደረጋችሁት ሁሉ፣ ባለቤታቸው ወይዘሮ ጸዳለ ምስጋናቸውን እንዳደርስ አዝዘውኛል።

ይህን የምጽፈው ለሚያውቋቸው ሁሉ ነው። ይበልጡን ግን ከማረፋቸው በፊት በነበረው ሰኞ፣ አመሻሽ ላይ፣ ቤታቸው ለነበራችሁት ነው። ጋሽ ዮን በቦታው ያለው ሰው ሁሉ በየስሙ ሳይጠራ ካሜራ አያስነሱም ነበር። እኔም ከዚያው ልጀምር።

ወይዘሮ ጸዳለ ከአልጋው ራስጌ ወንበር ላይ ተቀምጠዋል፤ ነጠላቸውን እስከ ዓይናቸው ስበዋል። ልጃቸው ሶፊያ ከሥራዋ ፈቃድ ወስዳ ከሲያትል መጥታለች፤ በሩን ተደግፋ ቆማለች። በየቀኑ እየመጣች የምትረዳቸው ነርስ፣ ሲስተር አዜብ፣ ወጣ ገባ ትላለች። አስመራ ተወልደው በአማርኛ የተማሩት፣ ኤርፖርት ታክሲ የሚነዱት አቶ ተክላይ፣ የጋሽ ዮን የቆየ ወዳጅና ተከራካሪ፣ ከመስኮቱ በስተቀኝ ኮፍያቸውን እንዳደረጉ ቆመዋል። ደረጀ መስኮቱን ጀርባው አድርጎ ወንበር ላይ ተቀምጧል፤ ስለ እሱ ኋላ እናገራለሁ። እኔ ፊቴን ወደ ደረጀና ወደ መስኮቱ አድርጌ ከካሜራው ኋላ ነኝ። ጋሽ ዮን አልጋቸው ላይ በትራስ ተደግፈው ከእኔ አጠገብ ናቸው፤ እጄን ብዘረጋ እነካቸዋለሁ። ሳሎን ውስጥ ደግሞ ለጥየቃ የመጣችሁ ነበራችሁ። ድምፃችሁ ይሰማኝ ነበር፤ የሁላችሁንም ስም ግን አላውቅም።

ነገሩ ይህ ነው። በዚያ ምሽት የቀረጽኩት ደረጀን ነው። ቤቴ ገብቼ ምስሉን በትልቁ ስክሪን ስከፍተው፣ ከደረጀ ትከሻ በላይ፣ በመስኮቱ መስታወት ላይ፣ የጋሽ ዮን ፊት አለ። የኮመዲኖው መብራት ከጎን መትቶት ጥርት ብሎ ይታያል። ጋሽ ዮን ዕድሜያቸውን በሙሉ ሌላውን ሲቀርጹ ኖረው ራሳቸው አንድም ቀን ለመቀረጽ ፈቅደው አያውቁም። ወይዘሮ ጸዳለ የፓስፖርት ፎቶና የሰርግ ፎቶ እንጂ ባለቤታቸው ሲንቀሳቀሱ የሚያሳይ ምስል የላቸውም። ይህንኑ ነገርኳቸው። ከዚያ፣

«ዮን እምቢ ካለ አጥፋው» አሉኝ። «እሺ ካለ ግን አንድ ቀን አታሳድርብኝ።»

እሺ ይበሉ እምቢ ይበሉ አላውቅም። አርባቸው እየቀረበ ነው፤ ምስሉም እኔ ዘንድ እንደተዘጋ ነው። ለምን ይህን ያህል እንደምጠነቀቅ የሚገባው ሰውዬውን ያወቀ ነው፤ ስለዚህ የማውቀውን ልናገር።

የተዋወቅነው ሃቫና ስትሪት አካባቢ ባለ የሰርግ አዳራሽ ነው። እኔ ካሜራ የተማርኩት ከኢንተርኔት ነው። ከሰኞ እስከ ዓርብ ዕቃ አደርሳለሁ፤ ቅዳሜና እሑድ ሰርግና ክርስትና እቀርጻለሁ። በዚያ ቀን ከሙሽራዋ ፊት የኋሊት እየሄድኩ፣ ወንበር እየገፋሁ፣ እናቶችን በክርኔ እየነካሁ ስሯሯጥ አንድ ረጅም ነጭ ሽማግሌ ከግድግዳው ሥር ሆነው በጣታቸው ጠሩኝ።

«የኔ ልጅ» አሉኝ፤ አማርኛቸው ጠጠር ጠጠር ያለ ነው። «ይህቺን ልጅ የምታሳድዳት ምን ሰርቃህ ነው?»

«አይ፣ እየቀረጽኩ ነው።»

«ወዴት ነው የምትሄደው?»

«ወደ መድረኩ።»

«መንገዱ አንድ ነው። መድረኩም አንድ ነው። ቁም። ትመጣለች።»

አጠገባቸው የተቀመጡት ወይዘሮ ጸዳለ፣ «ዮን፣ ልጁን ተወው እንጂ፣ ሥራ ላይ ነው» አሏቸው።

«ሥራ ላይ ስለሆነ ነው» ብለው መለሱ።

ቆምኩ። ሙሽራዋም መጣች። አባቷ ከመድረኩ ሥር መሀረባቸውን ከኪሳቸው አውጥተው፣ ሰው እንዳያያቸው ወዲያው ሲመልሱት፣ ከልጃቸው ጋር በአንድ ምስል ውስጥ ገቡ። ስሯሯጥ ቢሆን ኖሮ አይታየኝም ነበር። ሙሽሮቹ እስከ ዛሬ ከሰርጋቸው ቪዲዮ እሱን ቦታ እየመለሱ እንደሚያዩት ነግረውኛል።

ከዚያ ወዲያ እሑድ እሑድ ከሰዓት በኋላ ግሌንዴል እሄድ ጀመር። በሩን ሲከፍቱ ሰላምታቸው «መኪናህን የት ፓርክ አደረግክ?» ነው። የእንግዳ ቦታ ላይ ካልሆነ መልሰው ይልኩኛል። አማርኛን ከሚስታቸው ስለተማሩ በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ሰውን ሁሉ፣ ቄሱን ጭምር፣ «አንቺ» ይሉ እንደነበር አቶ ተክላይ ይስቁባቸው ነበር። እኔ ስደርስ ታርሟል። ጋሽ ዮን ስለ ሥራቸው በጥያቄ አይናገሩም። ቢጠየቁ «ረስቼዋለሁ» ይላሉ። ዝም ብዬ ስቀመጥ ነው የሚናገሩት፤ እኔ ደግሞ ዝም ማለት አይከብደኝም።

የተወለዱት ባቡር በሚያልፍባት አንዲት ትንሽ ከተማ ነው። ቡካሬስት የፊልም ትምህርት ቤት ገብተው ካሜራ ተማሩ፤ ሲመረቁ የመንግሥት የዜና ፊልም ክፍል ውስጥ ተመደቡ። ሥራቸው የአገሩን መሪ መከተል ነበር። መሪው ፋብሪካ ሲመርቁ፣ የስንዴ ማሳ ሲጎበኙ፣ ሕፃን ሲስሙ ይቀርጻሉ። ረጅም ሆነው እንዲታዩ ካሜራው ዝቅ ይላል። ንግግር ላይ ሲደናቀፉ የተቀረጸ ካለ፣ የቀረጸው ሰው ለምን እንዳላቆመ ይጠየቃል። ሳያስፈቅድ ያቆመ ደግሞ ለምን እንዳቆመ ይጠየቃል። «እጄ እንዳይንቀጠቀጥ የተማርኩት እዚያ ነው» ይሉ ነበር። «ከፍርሃት በላይ እጅን የሚያደርቅ የለም።»

የፊልም ጥቅል በልክ ነበር የሚሰጠው። ከምዕራብ የሚመጣው ጥሩ ፊልም ለመሪው ብቻ ነው፤ ለሌላው ሥራ ቀለሙ የሚያረጅ ይበቃል። ስለዚህ ጋሽ ዮን ፊልም ያልገባበት ካሜራ ይዘው ይለማመዳሉ፤ ተዋናዩ፣ መብራት ያዡ፣ በር ከፋቹ ቦታቸውን አውቀው እስኪያልቁ ድረስ ካሜራው ባዶውን ይዞራል። ፊልሙ የሚገባው ከዚያ በኋላ ነው። እኔ አንዱን ነገር ደጋግሜ ስቀርጽ ካዩኝ ይቆጡ ነበር። «ነገሩ አንድ ጊዜ ነው የሚሆነው። ሁለተኛ ያለ የሚመስልህ ካርድህ ውስጥ ቦታ ስላለ ነው።»

ሕይወታቸውን የለወጠው የመስታወቱ ነገር ነው። ይህን የነገሩኝ አንድ ጊዜ ብቻ ነው። ማድቤት ነበርን፤ ወይዘሮ ጸዳለ ሽንኩርት ይከትፋሉ።

በዚያን ጊዜ ቡካሬስት ውስጥ ነባር ሰፈሮች እየፈረሱ ትልልቅ ሕንጻዎች ይሠሩ ነበር። ጋሽ ዮን ሰዉ ደስ ብሎት ወደ አዲሱ ቤቱ ሲገባ የሚያሳይ ዘጋቢ ፊልም እንዲቀርጹ ታዘዙ። ወደሚፈርሰው መንገድ ሲደርሱ ደስ ያለው ሰው አልነበረም። አሮጊቶች ካሜራውን ሲያዩ ፊታቸውን በሻርፕ ሸፈኑ። ጋሽ ዮን አከበሯቸው፤ ካሜራውን ከእነሱ ላይ አነሱት። ይህን ጊዜ ሁለት ሰዎች ባለ መስታወት ቁም ሣጥን ከአንድ ቤት አውጥተው ወደ ካሚዮን መሸከም ጀመሩ። በመስታወቱ ውስጥ ሰማዩ፣ የዛፉ ጫፍ፣ የጣሪያዎቹ ክዳን እየተንሸራተቱ ያልፋሉ። ጋሽ ዮን ተከተሉት። በሕይወታቸው ካነሷቸው ምስሎች ሁሉ የሚያምረው እሱ መሆኑን እያነሱት ሳለ አውቀዋል። ሰው የለበትም፤ ማንንም አይጎዳም አሉ በልባቸው።

ያልታረመው ፊልም መጀመሪያ የሚታየው በአንዲት ጨለማ ክፍል ነበር። ዳይሬክተሩ፣ ፊልሙን የምትቆርጠው ሴት፣ ጋሽ ዮን፣ ከኋላ ወንበር ደግሞ ሁልጊዜ የማይጠፋ ከጸጥታ መሥሪያ ቤት የተላከ ሰው። ሰውዬው ሱፍ ይቆረጥማል፤ ቅርፊቱን በመሀረብ ይሰበስባል። የመስታወቱ ምስል ሲመጣ ዳይሬክተሩ «ዮን፣ እግዜር እጅህን ይባርከው!» አለ። ከኋላ የሱፉ ድምፅ ቆመ።

«መልስ» አለ ሰውዬው።

መለሱለት።

«እንደገና።»

እንደገና አዩት።

«አቁም።»

በመስታወቱ ውስጥ፣ ከጣሪያዎቹ መካከል፣ አንድ የፎቅ መስኮት ነበር። መስኮቱ ላይ አንድ ወጣት አንሶላ ዘርግቶ ይዟል። አንሶላው ላይ በቀለም የተጻፈ ነገር አለ። ጽሑፉ በመስታወት ስለተገለበጠ ሰውዬው ከወንበሩ ተነስቶ ስክሪኑ ድረስ ሄዶ ከመጨረሻው ወደ መጀመሪያው በጣቱ እየተከተለ አነበበው፦ «ከቤቴ አልወጣም»። የወጣቱ ፊት ግን አልተገለበጠም፤ ፊት ፊት ነው።

«ስሙ ማነው?» ብሎ ጠየቃቸው።

«አላውቅም።»

«ግድ የለም። እኛ እናውቀዋለን።» ሲወጣ የጋሽ ዮንን ትከሻ መታ መታ አደረገ። «ጥሩ ዓይን አለህ።»

ሲነጋ ወደዚያ መንገድ ሄዱ። ቤቱ ፍርስራሽ ነበር። ከጎረቤቶቹ ስለ ወጣቱ የሚነግራቸው አላገኙም፤ ካሜራ ይዘው የመጡት ሰውዬ መሆናቸውን ሁሉም ያውቃል። አንዲት ሴት ብቻ፣ «ስሙን ከመቅረጽህ በፊት ብትጠይቅ ኖሮ እሱ ራሱ ይነግርህ ነበር» አለቻቸው።

«ከዚያስ?» አልኳቸው።

«ከዚያማ ዕድገት ሰጡኝ» አሉ ጋሽ ዮን። «ወደ ትልልቁ ፊልም አዛወሩኝ። ጥሩ ዓይን አለኝ።»

ድምፃቸውን ዝቅ አላደረጉም። የቆመው የወይዘሮ ጸዳለ ቢላዋ ነው።

ስም የመጥራቱ ልማድ የመጣው ከዚህ ነው። ከዚያ በኋላ በሠሩባቸው ፊልሞች ሁሉ ካሜራ ከመነሳቱ በፊት ጋሽ ዮን ራሳቸው የእያንዳንዱን ሰው ስም ይጠራሉ፤ ተዋናዩም፣ ሠራተኛውም፣ ድንገት በቦታው የተገኘውም «እሺ» ወይም «እምቢ» ይላል። እምቢ ያለ ይወጣል፤ ምክንያት አይጠየቅም። መንገድ ላይ ሲቀርጹ አላፊ አግዳሚውን ሁሉ መጥራት ስለማይቻል መንገዱን ባዶ ያደርጉታል። እንዲህ ሆኖ የጋሽ ዮን ፊልሞች ባዶ መንገድ በባዶ መንገድ ሆኑ። የአገሩ ሐያሲዎች ይህን አይተው ስለ ብቸኝነት፣ ስለ ዘመኑ ሰው ውስጣዊ ባዶነት ብዙ ጻፉላቸው። «አንዱ እንዲያውም መንገዱ ራሱ ያለቅሳል ብሏል» ብለው ሳቁ። «እኔ የፈራሁት ዳቦ ሊገዛ የወጣ ሰው እንዳይገባብኝ ነው።»

ዳቦ ልትገዛ የወጣችው ግን ገባች። ወይዘሮ ጸዳለ በደርግ ጊዜ በነፃ ትምህርት ዕድል ቡካሬስት ሄደው ፋርማሲ ይማሩ ነበር። አንድ ማለዳ በተዘጋው መንገድ መካከል የዳቦ ከረጢታቸውን ይዘው ብቅ ሲሉ ረዳቶቹ ጮሁባቸው። ጋሽ ዮን ካሜራውን አቁመው ሄዱና ስማቸውን ጠየቋቸው።

«የፖሊስ ሰው መስሎኝ ሐሰተኛ ስም ነገርኩት» ይላሉ ወይዘሮ ጸዳለ። «አልማዝ ነኝ አልኩት። እሱ ደግሞ እያለከለከ፣ ወይዘሪት አልማዝ፣ መቀረጽ ይፈልጋሉ ወይስ አይፈልጉም? አለኝ። እኔ ዳቦ ነው የምፈልገው አልኩት። ዳቦው እስኪገዛ ድረስ ያ ሁሉ ሰው ቆሞ ጠበቀኝ።»

«ፀሐይዋ አመለጠችን» ይላሉ ጋሽ ዮን።

«እኔን ግን አላመለጥከኝም።»

በዚያን ጊዜ ከውጭ አገር ሰው ጋር ለመጋባት የመንግሥት ፈቃድ ያስፈልግ ነበር። ጋሽ ዮን ማመልከቻ ያስገቡ ዕለት ከትልልቁ ፊልም ተነሱ። እስኪፈቀድላቸው ድረስ ለዓመታት የትራክተር አጠባበቅና የጥርስ አቦራረሽ የሚያስተምሩ ፊልሞችን ቀረጹ። እነዚያንም ቢሆን ስም ሳይጠሩ አልጀመሩም ይባላል። የሩማንያ መንግሥት ሲወድቅ ሶፊያን ይዘው የወይዘሮ ጸዳለ ወንድም ወዳለበት ወደ ዴንቨር መጡ። ጋሽ ዮን በኤርፖርት ፓርኪንግ መንገደኛ የሚያመላልስ ሸትል ነዱ፤ ኋላም ፓርክ ሂል አጠገብ ኮልፋክስ ጎዳና ላይ በነበረ የፎቶ ማጠቢያ ቤት እስኪዘጋ ድረስ ሠሩ። በእነዚህ ዓመታት ሁሉ ሰው ሥራቸውን ሲጠይቃቸው «ሹፌር ነኝ» ነበር የሚሉት።

አሁን ወደ ደረጀ ልምጣ።

ኦሮራ ከሃቫና ገባ ብሎ ባለው፣ አቶ ተክላይ በሚኖሩበት አፓርታማ፣ በክረምቱ መካከል ማሞቂያ ተበላሽቶ ባለቤቶቹ ሳይሠሩት ሳምንታት አለፉ። ነዋሪዎቹ ልብስ ማድረቂያዎቹ የሚሰጡትን ሙቀት ፍለጋ ልጆቻቸውን ይዘው በሕንጻው የልብስ ማጠቢያ ክፍል፣ ላውንድሪ ሩም ውስጥ መዋል ጀመሩ። አቶ ተክላይ ሁኔታው ተቀርጾ ቤቶችን ለሚመረምረው የከተማው ኢንስፔክተር እንዲላክና ፌስቡክ ላይ እንዲወጣ ፈለጉና ደወሉልኝ። ጋሽ ዮንም አብረውኝ መጡ።

እንደ ልማዳቸው ስም ጠሩ። ሁሉም እሺ አለ። አንድ ኮፍያ ያጠለቀ ሰው ሲቀር።

«ደረጀ።»

«እኔ ይቅርብኝ» አለ።

«አንተ ደግሞ ምን ሆነህ ነው?» አለች አንዲት ሕፃን ያቀፈች ሴት። «ብርዱ አንተን አይነካህም?»

ደረጀ ኮፍያውን ወደ ግንባሩ ሳበ። የጥገኝነት ጉዳዩ ገና አልታየም ነበር። ታስሮ የወጣ ሰው ነው፤ ሚስቱና ሴት ልጁ አገር ቤት ናቸው። የት እንዳለ ያልተናገረው ለእነሱ ሲል ነው፤ ፊቱ አንድ ቦታ ከታየ በራቸውን የሚያንኳኳው ማን እንደሆነ ያውቃል። ጋሽ ዮን ይህን አልጠየቁትም። «ከካሜራው ኋላ ቁም» ብቻ አሉት፤ ቆመ።

ቀርጸን ስንጨርስ ኢንስፔክተሩ ቢሮ ሊዘጋ ትንሽ ቀርቶት ነበር።

«በል ፖስት አድርገው!» አሉኝ አቶ ተክላይ። «ለሰውዬውም ላክለት፣ ሳይወጣ ይየው።»

«መጀመሪያ እናያለን» አሉ ጋሽ ዮን።

ላፕቶፔን ማጠቢያው ማሽን ላይ ከፈትኩት። ጋሽ ዮን መነጽራቸውን አውልቀው ዓይናቸውን ስክሪኑ ላይ ለጠፉት። ሕፃኑ ያለቅሳል። አቶ ተክላይ ሰዓታቸውን ያያሉ።

«ጋሽ ዮን፣ ልጆች በብርድ እየተንቀጠቀጡ እርስዎ ሲኒማ ያያሉ?»

«አዎ፣ ሲኒማ አያለሁ።»

«ከካሜራ ኋላ ነበር እኮ! ሁላችንም አይተናል! ደረጀ፣ ንገራቸው እንጂ!»

«እኔ ከኋላ ነበርኩ» አለ ደረጀ።

«መልስ» አሉኝ ጋሽ ዮን።

መለስኩ።

«እንደገና።»

ሴትዮዋ «ኧረ በእናታችሁ!» አለች። እንደገና መለስኩት።

«አቁም።»

በማድረቂያው ክብ መስታወት ውስጥ፣ ከሚሽከረከረው ልብስ ፊት፣ ደረጀ ቆሟል። ትንሽ ነው፤ ጎበጥ ብሏል፤ ግን የሚያውቀው ሰው ሁሉ ያውቀዋል። ጋሽ ዮን ጠሩትና በጣታቸው አሳዩት። ደረጀ አየና እግሩ ሥር ባለው የልብስ ቅርጫት ላይ ቁጭ አለ። ማሽኑ ይዞራል። ኋላ አቶ ተክላይ ኮፍያቸውን አውልቀው፣ «እኔ እኮ ስንመለከት የራሴን ንግግር ነው የማየው» አሉ። «ምን ያህል እንደወፈርኩ ስገረም እሱን አላየሁትም።» ከሁላችን በፊት የሳቀው ደረጀ ነው፤ እንባው እየወረደ።

ያንን ቦታ ቆርጠን ላክነው፤ ሰዓቱም ደረሰልን። ማሞቂያውም ኋላ ተሠራ። የመስታወቱን ታሪክ ማድቤት ውስጥ የነገሩኝ በሚቀጥለው እሑድ ነው። «መልስ፣ እንደገና፣ አቁም» የሚሉት ቃላት ከአፋቸው ሲወጡ ምን እንደተሰማቸው አልጠየቅኳቸውም።

ከዚያ ወዲያ ደረጀ ጠበቃ ጋ ቀጠሮ ሲኖረው የሚወስዱት ጋሽ ዮን ነበሩ። ዓይናቸው እየደከመ መንዳት እስኪከለከሉ ድረስ እያደረሱት ውጭ መኪና ውስጥ ይጠብቁታል። ለምን አብረውት እንደማይገቡ ጠይቄያቸው ነበር። «ሲወጣ የሚያየው ፊት ያስፈልገዋል» አሉኝ።

ያን ሰኞ ደረጀ የመጣው ሩጦ ነው። ጃኬቱን እንኳ ሳያወልቅ አልጋው አጠገብ ተንበረከከ።

«ጋሽ ዮን፣ ተፈቀደልኝ።»

ጋሽ ዮን እጃቸውን ራሱ ላይ አደረጉ። ዓይናቸው በዚያ ሰሞን ከብርሃንና ከጥላ በቀር አይለይም ነበር።

«ቤተሰቤንም ማምጣት እችላለሁ ብለውኛል። ልጄ መልኬን ረስታዋለች። አሁን ይቅረጹኝ።»

ሶፊያ «ዳድ፣ ዩ ኒድ ቱ ሬስት» አለች፤ እንዲያርፉ ነው። ጋሽ ዮን በሩማንኛ አንድ ነገር መለሱላት፤ እሷም ተሸንፋ እጇን አነሳች። ከዚያ ወደ እኔ ዞረው «ካሜራ» አሉ። መኪናዬ ውስጥ ነበር፤ ይዤው ተመለስኩ። ውጭው እየደነገዘ፣ ክፍሉ ግራጫ ሆኖ ነበር። ድምፃቸው ስለደከመ ስም የጠራሁት እኔ ነኝ። ወይዘሮ ጸዳለ፣ እሺ። ሶፊያ፣ «ኦኬ፣ እሺ።» አቶ ተክላይ፣ «እሺ፣ ኮፍያዬ ግን አይወልቅም።» ሲስተር አዜብ፣ እሺ። ደረጀ።

«እሺ!» አለ። ሳሎን ያላችሁት ሁሉ የሰማችሁት ይመስለኛል።

ካሜራ የያዘ ሰውና የሚያዝዝ ሰው አይጠሩም፤ ጋሽ ዮን ያስተማሩኝ እንዲያ ነው። ስለዚህ የእሳቸው ስም አልተጠራም።

ዓይኔን ካሜራው ላይ አደረግኩ። «ወደ ግራ» አሉኝ። አዞርኩ። «ጥቂት። አሁን ዝቅ አድርገው። ያዘው።» በዚህ መካከል የክፍሉ ብርሃን ሲለወጥ፣ የደረጀ ጉንጭ ላይ ቢጫ ነገር ሲያርፍ አይቻለሁ። ለመድኃኒት ወይም ለውኃ ሰው መብራት አብርቶ ይሆናል ብዬ አለፍኩት። ደረጀ መናገር ጀመረ።

«ሜሮንዬ፣ አባትሽ ይሄ ነው። ትንሽ ወፍሬአለሁ።»

ከጎኔ የጋሽ ዮንን ሳቅ ሰማሁ። «በቃ» አሉ። «ሁለተኛ አያስፈልግም።»

ለዚህ ነው ምስሉን የዘጋሁት። መብራት ካልበራ በመስኮቱ የሚታየው የፓርኪንጉ መኪና ነው፤ መብራት ከበራ መስኮቱ መስታወት ይሆናል። ይህን ከጋሽ ዮን የበለጠ የሚያውቅ አልነበረም። መብራቱን ያበሩት ወይም ያስበሩት እሳቸው ከሆኑ፣ ፊታቸው የት እንደሚያርፍ አውቀው ነው፤ ወደ ግራ፣ ዝቅ አድርገው ያሉኝም ለዚያ ነው። ያ እሺ ማለት ነው። ሌላ ሰው ለሌላ ጉዳይ አብርቶት ከሆነ ግን፣ እኔ እሳቸውን የቀረጽኳቸው እሳቸው ያንን ወጣት በቀረጹበት መንገድ ነው።

በክፍሉ የነበሩትን ጠይቄአለሁ። ወይዘሮ ጸዳለ ነጠላቸው ዓይናቸው ላይ ነበር። ሶፊያ እናቴ ናት ያበራችው ትላለች፤ እናቷ አላበራሁም ይላሉ። ሲስተር አዜብ ማድቤት ሄዳ ስትመለስ በርቶ አገኘችው። አቶ ተክላይ ሲስተር አዜብ ናት ብለው ይምላሉ። ደረጀ ያየው ካሜራውን ብቻ ነው። ማብሪያው ገመዱ ላይ ነው፤ ገመዱም በአልጋው በኩል ይወርዳል። የጋሽ ዮን እጅ ይደርስበት ነበር፤ አቅም ይኑረው አይኑረው ግን አላውቅም።

ሳሎን ተቀምጣችሁ በተከፈተው በር ወደ ውስጥ ያያችሁ፣ እባካችሁ ንገሩኝ። እጅ አይታችሁ ከሆነ የማን እጅ እንደነበረ፤ «መብራት» የሚል ቃል ሰምታችሁ ከሆነ በማን ድምፅ እንደነበረ። የመሰላችሁን አትጻፉልኝ፤ ያያችሁትን ብቻ። እኔ ስሳሳት ያየም ያርመኝ። ወይዘሮ ጸዳለ እየጠበቁ ነው።

ጋሽ ዮን፣ ስንብቴ አጭር ነው፤ ረጅም ንግግር አይወዱም ነበር። የዚያ ወጣት ስም ሳይደርስዎ ሄደዋል፤ አሁን ባሉበት ቦታ እሱ ራሱ ነግሮዎት እንደሆነ ተስፋ አደርጋለሁ። ደረጀ ምስሉን ለልጁ እንድልክለት አልተጣደፈም፤ «የጋሽ ዮን መልስ ይምጣ፣ በአንድ ምስል አብረን ወደ ልጄ እንሄዳለን» ብሎኛል። ሰኞ ዕለት የሁሉንም ስም ስጠራ የእርስዎን ዘለልኩ፤ ልማዱ እንዲያ ነበር። ዛሬ ልማዱን ላፍርስና ልጥራዎት።

ጋሽ ዮን?

በሰላም ይረፉ። አላሳድድዎትም። ቁም ብለውኛልና ቆሜአለሁ።